ነጻ ፊልም ትወና በኢትዮጵያ

ነጻ ፊልም ትወና በኢትዮጵያ ከመንግሥት ተቋምና ከመደበኛው የሲኒማ ቤት ገበያ ውጭ በሚሠሩ ፊልሞች ላይ የሚሠራ የተዋናይነት ሙያ ነው። ፊልሞቹ ብዙውን ጊዜ የሚሠሩት በዳይሬክተሩ የግል ጥረት፣ በድጋፍ ገንዘብ ወይም ከውጭ አገር አጋሮች ጋር በሚደረግ የጋራ ፕሮዳክሽን ነው። በእነዚህ ፊልሞች የተጫወቱ ኢትዮጵያውያን ተዋናዮች ሥራቸው በካን፣ በቬኒስ፣ በበርሊን፣ በሰንዳንስና በዋጋዱጉ ፌስቲቫሎች ታይቷል። ይሁን እንጂ በአገር ውስጥ የሚሠሩ ነጻ ፊልሞች በቁጥር ጥቂት፣ በመካከላቸው ያለው ጊዜም ረጅም በመሆኑ በእነርሱ ብቻ የሚተዳደር ተዋናይ ማግኘት ያስቸግራል። በዚህ የተነሣ ነጻ ፊልም ትወና ከመድረክ ቴአትር፣ ከቴሌቪዥን ድራማ፣ ከገበያ ፊልምና ከሌላ መተዳደሪያ ጋር ተጣምሮ የሚኖር ሙያ ሆኗል።

ትርጉም

በአሜሪካ «ነጻ ፊልም» የሚባለው ከሆሊውድ ትልልቅ ስቱዲዮዎች ውጭ የተሠራ ፊልም ነው። በኢትዮጵያ ተመሳሳይ የስቱዲዮ ሥርዓት ስላልነበረ ቃሉ ትንሽ የተለየ ትርጉም ይይዛል። በደርግ ዘመን ፊልም የሚሠራው በዋናነት መንግሥት ሲሆን፣ የኢትዮጵያ ፊልም ኮርፖሬሽን የሚባል ድርጅትም ነበረው። ከመንግሥት ለውጡ በኋላ ግን ሥራው ወደ ግል ፕሮዲዩሰሮች ተሸጋገረ። ስለዚህ ዛሬ በአዲስ አበባ የሚሠራ ማንኛውም ፊልም ማለት ይቻላል የግል ነው።

ልዩነቱ የሚታየው በገንዘቡ ምንጭና በታሰበው ተመልካች ነው። የገበያ ፊልም ወጪውን የሚመልሰው ከሲኒማ ቤት ትኬትና ከቴሌቪዥን ወይም ከኢንተርኔት ሽያጭ በመሆኑ ታዋቂ ተዋናይ ይፈልጋል፤ ቀረጻውም በአጭር ጊዜ ይጠናቀቃል። ነጻ ፊልም ደግሞ ገንዘቡን ለማሰባሰብ ዓመታት ይፈጅበታል፤ መጀመሪያ የሚታየው በፌስቲቫል ነው፤ ለተዋናይ ምርጫውም ዝና ዋና መመዘኛ አይደለም። ሁለቱ ዘርፎች ግን በግንብ የተለያዩ አይደሉም። በአማርኛ የገበያ ፊልሞች ታዋቂ የሆነችው ሰላም ተስፋዬ እ.ኤ.አ. በ2015 በወጣው «ክረምብስ» በተባለው ነጻ ፊልም ከዋናዎቹ ተዋናዮች አንዷ ነበረች።

ታሪክ

የመጀመሪያው የአማርኛ ረጅም የልብ ወለድ ፊልም «ኂሩት አባቷ ማነው» በ1957 ዓ.ም. ወጣ። በ1966 ዓ.ም. ደግሞ የሚሼል ፓፓታኪስ «ጉማ» ተከተለ። የፊልሙ ስም በኋላ ለጉማ የፊልም ሽልማት መጠሪያ ሆኗል። በዚያን ጊዜ የፊልም ተዋናይነት ራሱን የቻለ ሙያ አልነበረም። በካሜራ ፊት የሚቆሙት በአብዛኛው የመድረክ ሰዎች ነበሩ።

የኢትዮጵያ ነጻ ፊልም ከኃይሌ ገሪማ ስም ጋር በጥብቅ የተያያዘ ነው። እ.ኤ.አ. በ1946 በጎንደር የተወለደው ኃይሌ እ.ኤ.አ. በ1967 ወደ አሜሪካ የሄደው ትወና ለመማር ነበር። በቺካጎ በጉድማን የድራማ ትምህርት ቤት ከተማረ በኋላ ወደ ሎስ አንጀለስ ተዛውሮ በካሊፎርኒያ ዩኒቨርሲቲ ፊልም ሥራ አጠና። በዚያ የጥቁር ተማሪዎች የፊልም እንቅስቃሴ ውስጥ ከነበሩት አንዱ ሆነ። በአሜሪካ የሠራው «ቡሽ ማማ» መሪ ተዋናይት ባርባራ ኦ. ጆንስ እ.ኤ.አ. በ1991 በወጣው የጁሊ ዳሽ «ዶተርስ ኦቭ ዘ ደስት» ውስጥም ተጫውታለች። የእርሷ ሥራ በነጻ ፊልም ዓለም ተዋናዮች በሁለት ታላላቅ ሚናዎች መካከል ምን ያህል ጊዜ ሊጠብቁ እንደሚችሉ ከሚያሳዩት አንዱ ነው።

ኃይሌ በኢትዮጵያ የሠራው የመጀመሪያ ረጅም ፊልም «ምርት ሦስት ሺህ ዓመት» ነው። ቀረጻው የተካሄደው አብዮቱ በፈነዳበት በ1966 ዓ.ም. ሲሆን፣ በ16 ሚሊ ሜትር ጥቁርና ነጭ ፊልም በጥቂት ሳምንታት ተጠናቀቀ። በባላባት መሬት ላይ የሚያርስ የአንድ ገበሬ ቤተሰብን ኑሮ ይተርካል። ተዋናዮቹ በፊልም ሙያ ያልሠለጠኑ ሰዎች ነበሩ። ፊልሙ እ.ኤ.አ. በ1976 ወጥቶ ከ30 ዓመት በኋላ፣ እ.ኤ.አ. በ2006፣ በካን ፌስቲቫል የክላሲክ ፊልሞች ክፍል እንደገና ታይቷል።

በ1990ዎቹ ዓ.ም. ቪዲዮ ካሜራ ሲስፋፋ የአማርኛ የገበያ ፊልም ተነሣ። የቴዎድሮስ ተሾመ «ቀዝቃዛ ወላፈን» በዚያ ዘመን ከሚጠቀሱት ነው። ይህ ለውጥ ለተዋናዮች ከመድረክ ውጭ ቋሚ ሊባል የሚችል የመጀመሪያውን የሥራ ገበያ ከፈተ፤ ነጻ ፊልሞችም ከዚሁ ገበያ ልምድ ያላቸውን ሰዎች ማግኘት ጀመሩ።

እ.ኤ.አ. በ2008 የኃይሌ ገሪማ «ጤዛ» በቬኒስ ፌስቲቫል የዳኞች ልዩ ሽልማትንና የምርጥ የፊልም ጽሑፍ ሽልማትን አገኘ። በማግሥቱ ዓመት በዋጋዱጉ የፌስፓኮ ፌስቲቫል ታላቁን የየኔንጋ የወርቅ ፈረስ ሽልማት ወሰደ። ፊልሙ በጀርመን ተምሮ በደርግ ዘመን ወደ አገሩ የተመለሰውን የሕክምና ተመራማሪ የአንበርብርን ታሪክ ይከተላል። መሪውን ገጸ ባሕርይ አሮን አረፈ፣ እናቱን ታከለች በየነ ተጫውተዋል። የአንበርብርን ጓደኛ ተስፋዬን የተጫወተው አብዬ ተድላ በቱኒዚያ የካርቴጅ ፌስቲቫል የምርጥ ረዳት ተዋናይ ሽልማት ተሸልሟል። ለአንድ ኢትዮጵያዊ የፊልም ተዋናይ በግል የተሰጠ ዓለም አቀፍ ሽልማት በመሆኑ ይህ ሽልማት በሙያው ታሪክ ልዩ ቦታ አለው።

እ.ኤ.አ. በ2014 እና በ2015 «ድፍረት»፣ «ላምብ»፣ «ክረምብስ» እና የሄርሞን ኃይላይ «የፍቅር ዋጋ» ተከታትለው ወጡ። እ.ኤ.አ. በ2019 ደግሞ የሞገስ ታፈሰ «ቁራኛዬ» ተጨመረ። ከሳሽና ተከሳሽ በአንድ ሰንሰለት ታስረው ለፍርድ ይሄዱበት የነበረውን የቀድሞ ሥርዓት መነሻ ያደረገ ፊልም ሲሆን፣ ዘሪሁን ሙላቱና የምሥራች ግርማ ተጫውተውበታል።

ወደ ሙያው መግቢያ

ወደ ነጻ ፊልም የሚገቡ ተዋናዮች በአብዛኛው ከሦስት አቅጣጫ ይመጣሉ።

የመጀመሪያው መድረክ ነው። ብሔራዊ ቴአትር፣ ሀገር ፍቅር፣ ራስ ቴአትርና የአዲስ አበባ ቴአትርና ባህል አዳራሽ ለረጅም ጊዜ የተዋናዮች ዋነኛ ማሠልጠኛም መቀጠሪያም ሆነው ቆይተዋል። ቴአትር ቤቶቹ በደመወዝ የሚቀጠሩ ተዋናዮች ስላሏቸው፣ አንድ ተዋናይ የቋሚ ሠራተኛነቱን ሳይለቅ በፊልም ሊሠራ ይችላል። ችግሩ የጊዜ ግጭት ነው። ከከተማ ውጭ ለሳምንታት የሚቆይ ቀረጻ ከልምምድና ከመድረክ ፕሮግራም ጋር ይጋጫል።

ሁለተኛው ትምህርት ቤት ነው። የአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ የቴአትር ጥበባት ትምህርት ክፍል በ1970ዎቹ ዓ.ም. መባቻ ከተቋቋመ ወዲህ ብዙ ተዋናዮችን፣ ጸሐፊዎችንና አዘጋጆችን አፍርቷል። ከዚያ በኋላ በሌሎች ዩኒቨርሲቲዎችም ተመሳሳይ ትምህርት ተጀምሯል። ሥልጠናው በዋናነት የመድረክ በመሆኑ ተመራቂው ወደ ካሜራ ሲመጣ ድምፁንና እንቅስቃሴውን መቀነስ መማር ይኖርበታል። በአዳራሽ የኋላ ወንበር ላይ ላለ ተመልካች የተለካ የፊት ገጽታ በቅርብ ቀረጻ የተጋነነ ሆኖ ይታያል።

ሦስተኛው ቀረጻው ራሱ ነው። ነጻ ፊልሞች በገጠርና በክልል ከተሞች ሲቀረጹ የአካባቢውን ሰው፣ ዘዬና አኗኗር ስለሚፈልጉ ልምድ የሌላቸውን ሰዎች ያሳትፋሉ። ቴአትር ቤቶቹና የፊልም ድርጅቶቹ አዲስ አበባ ውስጥ በተከማቹበት አገር ይህ መንገድ ትልቅ ትርጉም አለው። ለምሳሌ ከነጌሌ ቦረና አዲስ አበባ ለመድረስ ወደ 600 ኪሎ ሜትር የሚጠጋ መንገድ መጓዝ ያስፈልጋል። በነጌሌም ሆነ በሌሎቹ የደቡብ ቆላ ከተሞች ለሚኖርና አፍ መፍቻው ኦሮምኛ ወይም ሶማሊኛ ለሆነ ወጣት፣ በአዲስ አበባ በአማርኛ ለሚካሄድ ኦዲሽን መቅረብ የጉዞ፣ የማረፊያና የቋንቋ ወጪ አለው። የትምህርት ቤት ሚኒ ሚዲያና የኪነት ቡድን በእንዲህ ያሉ ከተሞች የመጀመሪያዎቹ የትወና መለማመጃዎች ሆነው ያገለግላሉ። ከዚያ ወደ ፊልም የሚወስደው ድልድይ ግን ቀጭን ነው።

የሥራው ጠባይ

በነጻ ፊልም የሚሠራ ተዋናይ ብዙውን ጊዜ የሚመረጠው ቀረጻው ከመጀመሩ ብዙ ቀደም ብሎ ነው። ገንዘቡ በሙሉ እስኪገኝ ቀረጻው ሊራዘም ይችላል። ኃይሌ ገሪማ «ጤዛ»ን ለመሥራት ገንዘብ በማሰባሰብ ከ10 ዓመት በላይ ፈጅቶበታል። እንዲህ ያለው መዘግየት በተዋናዮች ላይ ቀጥተኛ ውጤት አለው። ለሚናው የታሰበ ሕፃን ያድጋል፤ አዋቂውም ሌላ ሥራ ይይዛል።

የቀረጻው መሣሪያም ትወናውን ይወስናል። በጥሬ ፊልም ሲሠራ እያንዳንዱ ድጋሚ ቀረጻ ገንዘብ ነው። ስለዚህ ልምምዱ ረጅም፣ የድግግሞሹ ቁጥር አነስተኛ ይሆናል። በዲጂታል ካሜራ ደጋግሞ መቅረጽ ስለሚቻል ያልሠለጠኑ ተዋናዮችን እዚያው ማለማመድ ቀላል ነው።

የጋራ ፕሮዳክሽኖች ሌላ ጠባይ አላቸው። ዳይሬክተሩ ወይም የካሜራ ባለሙያው አማርኛ ላይችል ይችላል። በዚህ ጊዜ ንግግሩ ከጽሑፉ ጋር መስማማቱን፣ ዘዬው ለገጸ ባሕርይው መመጠኑንና አነጋገሩ ከአክብሮት ደንብ አለመውጣቱን የሚጠብቀው በተግባር ተዋናዩ ራሱ ነው። ልጅ አባቱን «አንተ» ቢል ወይም ምራት አማቷን በስም ብትጠራ የውጭው ተመልካች አያስተውልም፤ የአገሩ ሰው ግን ፊልሙን ማመን ያቆማል።

የአንዳንድ ተዋናዮች ሥራ

ደበበ እሸቱ

ደበበ እሸቱ በአማርኛ መድረክ ከታወቁት ተዋናዮች አንዱ ነው። እ.ኤ.አ. በ1973 በወጣው «ሻፍት ኢን አፍሪካ» በተባለው የሆሊውድ ፊልም ተጫውቷል። ከ40 ዓመት ገደማ በኋላ፣ እ.ኤ.አ. በ2014፣ የቤተ እስራኤል ተወላጅ የሆነው ዳይሬክተር ባዚ ጌቴ በእስራኤል በሠራው «ቀይ ቅጠሎች» በተሰኘው ነጻ ፊልም መሪ ተዋናይ ሆነ። የተጫወተው መሰጋንዮ የተባሉ፣ ሚስታቸው ከሞቱ በኋላ ቤታቸውን ሸጠው ተራ በተራ ከልጆቻቸው ጋር ለመኖር የወሰኑ አዛውንት ስደተኛን ነው። ታሪኩ የሼክስፒርን «ንጉሥ ሊር» ያስታውሳል። በአረጋዊነት ዕድሜ የተገኘ መሪ ሚና በገበያ ፊልም ብዙም የማይታይ፣ በነጻ ፊልም ግን የሚቻል ነገር መሆኑን ይህ ሥራ ያሳያል።

ራሴላስ ላቀው

ራሴላስ ላቀው ሚናውን ራሱ የፈጠረ ተዋናይ ነው። እ.ኤ.አ. በ2009 የወጣውን «አትሌቱ» ከዴቪ ፍራንክል ጋር በጋራ ያዘጋጀ ሲሆን፣ መሪውን ገጸ ባሕርይ አበበ ቢቂላንም የተጫወተው እርሱ ነው። ፊልሙ እ.ኤ.አ. በ1960 በሮም በባዶ እግሩ፣ በ1964 ደግሞ በቶኪዮ ማራቶን ያሸነፈውን አትሌት ከ1969ኙ የመኪና አደጋ በኋላ ያሳለፈውን ሕይወት ጭምር ይተርካል። ኢትዮጵያ ለኦስካር የውጭ ቋንቋ ፊልም ዘርፍ ያቀረበችው የመጀመሪያ ፊልም ይኸው ነበር።

ሜሮን ጌትነትና ትዝታ ሀገሬ

ሜሮን ጌትነት በመድረክና «ዳና» በተባለው የቴሌቪዥን ተከታታይ ድራማ ትታወቃለች። በዘረሰናይ ብርሃነ መሐሪ «ድፍረት» ውስጥ የሕግ ባለሙያዋን መዓዛ አሸናፊን ወክላ ተጫውታለች። መዓዛ አሸናፊ በኋላ የፌዴራል ጠቅላይ ፍርድ ቤት ፕሬዚዳንት የሆኑት ናቸው። ለጋብቻ ተጠልፋ ጠላፊዋን የገደለችውን የ14 ዓመት ልጅ፣ ኂሩትን፣ የተጫወተችው ወጣቷ ትዝታ ሀገሬ ናት። ታሪኩ በአርሲ በአበራሽ በቀለ ላይ በደረሰው እውነተኛ ጉዳይ ላይ የተመሠረተ ነው። የፊልሙ ርእስ በአማርኛ ጀግንነትንም መደፈርንም ስለሚያመለክት የሁለቱን ተዋናዮች ሚና በአንድ ቃል ይይዛል።

«ድፍረት» እ.ኤ.አ. በ2014 በሰንዳንስና በበርሊን ፌስቲቫሎች የተመልካቾች ሽልማት አገኘ። በዚያው ዓመት በአዲስ አበባ ሊመረቅ ታዳሚው ከተሰበሰበ በኋላ ግን በፍርድ ቤት እገዳ ቆመ። ምክንያቱ የታሪኩ ባለቤት ያነሡት የመብት ጥያቄ ነበር። እገዳው በኋላ ተነሥቷል። ክስተቱ በእውነተኛ ታሪክ ላይ የሚሠራ ፊልም ተዋናይ ሥራው በሌሎች መካከል በሚነሣ ሕጋዊ ክርክር ሊያዝ እንደሚችል አሳይቷል።

ረድኤት አማረና ቅድስት ስዩም

የያሬድ ዘለቀ «ላምብ» እ.ኤ.አ. በ2015 በካን ፌስቲቫል ይፋዊ ምርጫ «አን ሰርተን ረጋር» በተባለው ክፍል የቀረበ ሲሆን፣ በዚህ ደረጃ የመጀመሪያው የኢትዮጵያ ፊልም ነው። ሕፃኑ ረድኤት አማረ እናቱን አጥቶ ከበጉ ጋር ወደ ዘመዶቹ የተላከውን ኤፍሬምን ተጫውቷል። አጎቱ በጉን ለበዓል ሊያርድ ሲነሣ ልጁ ምግብ እያበሰለ በመሸጥ ሊያድነው ይሞክራል። ወንድ ልጅ ወጥ ቤት መግባቱ ደግሞ ሌላ ቁጣ ያመጣበታል። ጋዜጣ የምታነበውንና ለጋብቻ የማትቸኩለውን የዘመዱን ልጅ ጽዮንን ቅድስት ስዩም ተጫውታለች። ፊልሙ የታመነው በአብዛኛው በሁለቱ ወጣቶች ፊት ላይ ነው።

ዳንኤል ታደሰ ጋጋኖ

ከአንድ ነጻ ፊልም ሠሪ ጋር ተከታታይ ሥራ በመሥራት ከሚታወቁት ኢትዮጵያውያን ተዋናዮች ዳንኤል ታደሰ ጋጋኖ ይጠቀሳል። በአዲስ አበባ ይኖር ከነበረው ስፔናዊ ዳይሬክተር ሚጌል ልያንሶ ጋር በመሥራት እ.ኤ.አ. በ2013 «ችግር አለ» በተባለው አጭር ፊልም፣ በ2015 «ክረምብስ»፣ በ2019 «ጂሰስ ሾውስ ዩ ዘ ዌይ ቱ ዘ ሃይዌይ» ላይ ተጫውቷል።

በ«ክረምብስ» የተጫወተው ካንዲ የተባለውን ገጸ ባሕርይ ነው። ታሪኩ የሚፈጸመው ዓለም ከጠፋች በኋላ ሲሆን፣ ካንዲ ከፍቅረኛው ጋር በተተወ የቦውሊንግ ማጫወቻ ቤት ይኖራል። በሰማይ ላይ ለዓመታት ቆማ የኖረች መንኮራኩር መንቀሳቀስ ስትጀምር ወደ አገሩ የሚመለስበትን መንገድ ፍለጋ ይወጣል። የድሮው ዓለም ርካሽ መጫወቻዎችና የሙዚቃ ሸክላዎች በዚያ ዘመን እንደ ንዋየ ቅድሳት ይቆጠራሉ። ፊልሙ የ68 ደቂቃ ርዝመት ያለው ሲሆን፣ በአማርኛ ተሠርቶ በሮተርዳም ፌስቲቫል ታይቷል። ከቀረጻ ቦታዎቹ አንዱ ዳሎል ነው። በሳይንሳዊ ልብ ወለድነቱ ለኢትዮጵያ ሲኒማ ቀደምት ከሚባሉት ይመደባል። ዳንኤል ቁመቱ አጭር፣ አካሉ ከተለመደው የፊልም ጀግና የተለየ ነው። ፊልሙ ግን ይህን ለሣቅ ሳያውለው የፍቅርና የጉዞ ታሪክ ባለቤት አድርጎ ያቀርበዋል።

በ2019ኙ ፊልም ደግሞ በኮምፒዩተር ወደተፈጠረ ዓለም ገብቶ እዚያ የሚታሰር የስለላ ሠራተኛ ሆኗል። የገጸ ባሕርይው ስም፣ ዲ. ቲ. ጋጋኖ፣ ከተዋናዩ ከራሱ ስም የተወሰደ ነው። ቀረጻው በኢስቶኒያና በኢትዮጵያ የተካሄደ ሲሆን፣ ንግግሩ በሙሉ ከቀረጻ በኋላ በእንግሊዝኛ ድምፅ ተሞልቷል። በዚህ የተነሣ ትወናው በአብዛኛው በአካልና በፊት ላይ የተመሠረተ ነው። የዳንኤል ሥራ ከአንድ ዳይሬክተር ጋር የቆየ ትብብር ለነጻ ፊልም ተዋናይ ከአንድ ፊልም የተሻገረ ዕድሜ ሊሰጥ እንደሚችል ያሳያል። በሌላ በኩል የሥራው ፍጥነት በዚያው ዳይሬክተር የፊልም ፍጥነት ይወሰናል።

በውጭ አገር

ከኢትዮጵያ ውጭ በነጻ ፊልም ከፍተኛ ደረጃ የደረሰችው ተዋናይት ሩት ነጋ ናት። በአዲስ አበባ ከኢትዮጵያዊ አባትና ከአየርላንዳዊት እናት ተወልዳ በልጅነቷ ወደ አየርላንድ ሄደች፤ በደብሊን ትሪኒቲ ኮሌጅም ትወና ተማረች። እ.ኤ.አ. በ2016 በጄፍ ኒኮልስ «ለቪንግ» ውስጥ ሚልድረድ ለቪንግን በመጫወቷ ለኦስካር የምርጥ መሪ ተዋናይት ሽልማት ታጭታለች። እ.ኤ.አ. በ2021 ደግሞ በሰንዳንስ በታየው በርቤካ ሆል «ፓሲንግ» ተጫውታለች። ከእነዚህ ሌላ «ፕሪቸር» በተባለው የቴሌቪዥን ተከታታይ፣ በደብሊን መድረክ «ሃምሌት»ን፣ በኒውዮርክ ብሮድዌይ ደግሞ ሌዲ ማክቤዝን ሠርታለች። ሰፊ የፊልም ገበያ ባለበት አገርም ነጻ ፊልምን ከመድረክና ከቴሌቪዥን ጋር ማጣመር የተለመደ መሆኑን የእርሷ ሥራ ያመለክታል።

በእስራኤል የሚኖሩ ትውልደ ኢትዮጵያውያን ተዋናዮችም አሉ። የራዱ ሚሃይሌያኑ «ኑርና ሁን» እ.ኤ.አ. በ2005 የወጣ ፊልም ሲሆን፣ በሙሴ ዘመቻ ወቅት እንደ ቤተ እስራኤል ተቆጥሮ የተሻገረ የክርስቲያን ልጅን ታሪክ ይተርካል። ገጸ ባሕርይውን በሦስት ዕድሜ ሦስት ተዋናዮች ተጫውተውታል፤ አዋቂውን የተጫወተው ሲራክ ሳባሃት ራሱም ከኢትዮጵያ ወደ እስራኤል የሄደ ነው።

ገቢ፣ ውልና ቀጣይነት

የነጻ ፊልም ተዋናይ ክፍያ በአብዛኛው ለአንድ ፊልም አንድ ጊዜ የሚፈጸም ነው። ፊልሙ በፌስቲቫል ቢሸለም ወይም ወደ ሌላ አገር ቢሸጥ ተዋናዩ ተጨማሪ የሚያገኘው በውሉ ከተጻፈ ብቻ ነው። በኢትዮጵያ የቅጅና ተዛማጅ መብቶች ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 410/1996 ተዋናዮችን ጨምሮ ለከዋኞች ተዛማጅ መብት ይሰጣል፤ አዋጁ በአዋጅ ቁጥር 872/2007 ተሻሽሏል። ሆኖም መብቱ ፍሬ የሚያፈራው በጽሑፍ የተደረገ ውል ሲኖር ነው። በቃል ስምምነት የሚሠራ ተዋናይ ፊልሙ ከአገር ከወጣ በኋላ ለመከራከር ይቸገራል።

በውል ውስጥ ከክፍያው ሌላ የሚታዩ ጉዳዮች አሉ። ቀረጻው ቢራዘም የሚከፈለው፣ ከከተማ ውጭ የማረፊያና የጉዞ ወጪ፣ የጉዳት ካሳ፣ በፌስቲቫል የመገኘት ዕድል፣ ለማሳያ የሚሆን ቅጂ ማግኘትና በፊልሙ ላይ ስም የሚጻፍበት መንገድ ከእነዚህ ውስጥ ናቸው። የመጨረሻው ቀላል ቢመስልም የኢትዮጵያ ስሞች በላቲን ፊደል በተለያየ መንገድ ስለሚጻፉ የአንድ ተዋናይ ሥራዎች በሁለትና በሦስት ስም ተበታትነው ይገኛሉ። አንድ የውጭ ፕሮዲዩሰር የተዋናዩን የቀድሞ ሥራ ሲፈልግ የሚያገኘው ግማሹን ብቻ ሊሆን ይችላል።

ሌላው ጉዳይ ፊልሙ ወደ አገር መመለሱ ነው። በፌስቲቫል የታየ ፊልም በኢትዮጵያ ሲኒማ ቤቶች ካልታየ ተዋናዩ በውጭ የታወቀውን ያህል በአገሩ አይታወቅም፤ ዝናውም ወደ ሌላ ሥራ አይለወጥም። በአንጻሩ በተከታታይ ድራማ የተጫወተ ሰው በየመንገዱ በገጸ ባሕርይው ስም ይጠራል። እንደ ቃና ያሉ ጣቢያዎች የውጭ ድራማዎችን በአማርኛ ማቅረብ ከጀመሩ ወዲህ የድምፅ ትወና ለተዋናዮች ተጨማሪ ሥራ ሆኗል፤ በሌላ ወገን የአገር ውስጥ ድራማ ሥራ ይቀንሳል የሚል ቅሬታ ከባለሙያዎች ተነሥቷል።

የተመረጡ ፊልሞችና ተዋናዮች

(ዓመታቱ እ.ኤ.አ. ናቸው)

ኑርና ሁን (2005)፦ ሞሼ አጋዛይ፣ ሞሼ አበበ፣ ሲራክ ሳባሃት
ጤዛ (2008)፦ አሮን አረፈ፣ አብዬ ተድላ፣ ታከለች በየነ፣ ጠጄ ተስፋሁን
አትሌቱ (2009)፦ ራሴላስ ላቀው
ድፍረት (2014)፦ ሜሮን ጌትነት፣ ትዝታ ሀገሬ
ቀይ ቅጠሎች (2014)፦ ደበበ እሸቱ
ላምብ (2015)፦ ረድኤት አማረ፣ ቅድስት ስዩም
ክረምብስ (2015)፦ ዳንኤል ታደሰ ጋጋኖ፣ ሰላም ተስፋዬ
የፍቅር ዋጋ (2015)፦ እስክንድር ታምሩ፣ ፍሬወይኒ
ቁራኛዬ (2019)፦ ዘሪሁን ሙላቱ፣ የምሥራች ግርማ